የዘሥላሴ የተሻሻለ መልስ

ደብረ ብርሃን፣ ጠባሴ ሰፈር፣ ዘሥላሴ ልብስ ሰፊውን የማያውቅ ሰው አልነበረም። ሠላሳ አምስት ዓመት ሙሉ በአንዲት የእግር መኪና የሰፈሩን ልጆች ዩኒፎርም፣ የሙሽራውን ሱሪ፣ የቄሱን ቀሚስ ሰፍቷል። ስሙ የሚጠራው ግን በስፌቱ ብቻ አልነበረም። የእድሩ ዳኛ እሱ ነው። ባልና ሚስት ሲኳረፉ፣ ወንድማማቾች በአጥር ሲጣሉ "ዘሥላሴ ይምጣና ይበለን" ይባላል። መጥቶ፣ ባርኔጣውን ከጉልበቱ ላይ አኑሮ፣ ሁለቱንም ወገን እስከ መጨረሻው ይሰማል። ከዚያ የሚናገረው ጥቂት ነው፤ የተናገረውን ግን ማንም አያፈርሰውም። ሌላው ሰው በፊርማው ከሚታመነው ይልቅ ዘሥላሴ ራሱን በመነቅነቁ ይታመናል ይሉት ነበር።

ምስራቅም ያመነችው በዚሁ ነው።

ምስራቅ ከወለጋ ተፈናቅላ፣ ባሏን መንገድ ላይ ቀብራ፣ ሁለት ሴት ልጆቿን ይዛ ደብረ ብርሃን የገባች የገበሬ ሚስት ነች። መጀመሪያ ዘሥላሴ ዘንድ የመጣችው ሸራ ተሸክማ ነበር። የመጠለያውን ጣሪያ ነፋስ ቀዶባት፣ ሦስት ልብስ ሰፊዎች "መርፌ ይሰብርብናል" ብለው መልሰዋታል። እሱ ሁለት መርፌ ሰብሮ ሰፋላት። ዋጋውን ስትጠይቀው "ክረምቱ ሲወጣ" አላት፤ እንዲያው ሊሸኛት ብሎ ነው። ክረምቱ ሲወጣ ግን በእውነት ገንዘቡን ይዛ ተመልሳ መጣች። እሱ ረስቶት ነበር። ከዚያ ወዲህ በመንገድ ባገኘችው ቁጥር "ጋሼ" ብላ ዝቅ ብላ ሰላም ትለዋለች፤ የልጆቿንም ልብስ ከሌላ ሰው አታሰፋም።

ቤቱን የሸጠላት በ2014 ዓ.ም. ነው። ሚስቱ አማረች ሆዷ ውስጥ ዕጢ ተገኘባት፤ አዲስ አበባ ሄዳ ኦፕራሲዮን ካልተደረገች ተስፋ የላትም ተባለ። ዘሥላሴ ከመኖሪያው ሁለት አጥር ዝቅ ብሎ፣ ከእናቱ የወረሰው፣ የራሱ ካርታ ያለው ባለ ሁለት ክፍል የጭቃ ቤት ነበረው። ምስራቅ በዚያን ጊዜ ፋብሪካ ተቀጥራለች። አዲስ አበባ ያለው ወንድሟና የተበታተኑ ዘመዶቿ ከያሉበት አዋጥተውላት ከመጠለያው የምትወጣበትን ቤት ታፈላልግ ነበር። የእሱ ጭንቀትና የእሷ ፍለጋ ተገጣጠሙ።

ውሉ የተጻፈው ስፌት ቤቱ ውስጥ፣ ጨርቅ በሚቆርጥበት ጠረጴዛ ላይ ነው። ሦስት ምስክሮች ፈረሙ። ከመካከላቸው ገብረመንፈስቅዱስ የሚባለው፣ ዘሥላሴ በልጅነቱ አብሮት ስፌት የተማረ ወዳጁ፣ "ውልና ማስረጃ ሄዳችሁ ብታጸድቁት አይሻልም?" አለ። ምስራቅ ቀና ብላ ዘሥላሴን አየችና "ጋሼ ካሉ ይበቃኛል" አለች። እሱም አልተከራከረም። እንዲያውም ደስ አለው። በኋላ ነገሩን ሲያስበው ከሁሉ ይልቅ የሚቆረቁረው ያን ጊዜ የተሰማው ደስታ ነበር።

አማረች ዳነች። ምስራቅ ቤቱን ለቀለቀችው፤ ግቢው ውስጥ ጎመንና ድንች ተከለች። የካርታውን ስም ለማዛወር መጀመሪያ አማረች እስክታገግም ተባለ። ከዚያ ካርታው እስኪታደስ ተባለ። ሁለቱም እውነት ነበር። እውነት ያልሆነው የመጣው መንገዱ ሲወጣ ነው።

ከቤቱ ፊት ለፊት ሰፊ አስፋልት ይወጣል ተብሎ ችካል ተተከለ። ደላሎች ባጃጅ እያቆሙ ሰፈሩን በዓይናቸው መለካት ጀመሩ። የዘሥላሴ አንድያ ልጅ ብሩክም የሚውለው ከደላሎች ጋር ነበርና አንድ ቀን ስፌት ቤቱ መጥቶ ከደንበኞች መቀመጫ ላይ ተቀመጠ።

"አባዬ፣ የዚያ ቤት ካርታ እኮ ዛሬም በአንተ ስም ነው።"

"ቢሆንስ?"

"ምንም። እንዲያው ነው።"

ዘሥላሴ በመጀመሪያው ቀን ተቆጣው። በሁለተኛው ዝም አለ። በሦስተኛው "እስኪ ሕጉ ምን እንደሚል መስማት አይከፋም" አለ። ምስራቅ ስለ ስም ዝውውሩ ስትጠይቀው "ሰኞ" ይላታል፤ ሰኞ ስትመጣ "ከፋሲካ በኋላ።" ፋሲካም አለፈ፤ ጰራቅሊጦስም አለፈ። አንድ ጠዋት የፍርድ ቤት መጥሪያ መጣለት። ከሳሽ ምስራቅ፣ ተከሳሽ ዘሥላሴ፤ የሸጠልኝን ቤት ስመ ንብረት እንዲያዛውርልኝ ይወሰንልኝ ይላል።

መጥሪያውን ሲያነብ የተቆጣው እሱ ነው። እኔን፣ ሸራዋን የሰፋሁላትን፣ ፍርድ ቤት አቆመችኝ አለ በሆዱ። ያ ቁጣ ደግሞ ጠቀመው። በቁጣው ላይ ተቀምጦ ብሩክ ካገኘለት ጠበቃ ዘንድ ሄደ።

ጠበቃው ሸጠዋል ወይስ አልሸጡም ብሎ አልጠየቀውም። የውሉን ቅጂ አገላብጦ አየና ወረቀቱን በጣቱ መታ መታ አደረገ።

"ይህ ውልና ማስረጃ ፊት አልቀረበም። የቤት ሽያጭ እንዲህ በመንደር ሲደረግ፣ ሻጩ አዎ ሸጫለሁ ካለ ውል ነው። ከካደ ግን ወረቀት ነው። እንግዲህ ሁሉም ነገር ያለው እርስዎ አፍ ላይ ነው።"

"ቤቱ ውስጥ ተቀምጣለችሳ?"

"ተከራይስ ቤት ውስጥ አይደል የሚቀመጠው?"

መልሱ በሦስት ቀን ተጽፎ አለቀ። "ለከሳሽ ቤት አልሸጥኩም፤ ቀረበ የተባለውን ውል አላውቀውም፤ ከሳሽ በቤቱ የሚኖሩት በወር ኪራይ ነው" ይላል። ከግርጌው "ይህ መልስ በእውነት የቀረበ መሆኑን አረጋግጣለሁ" የሚል መስመር አለ። ዘሥላሴ ከዚያ መስመር ስር ፈረመ።

በቀጠሮው ቀን ምስራቅ ጠበቃ አልነበራትም። የፋብሪካ ሽርጧን ከጃኬቷ ስር እንደለበሰች ችሎት ገባች። ዳኛዋ መልሱን ጮክ ብለው አነበቡት። "ተከራይ" የሚለው ቃል ሲመጣ ምስራቅ ዞር ብላ ዘሥላሴን አየችው። የተቆጣ ሰው አስተያየት አልነበረም፤ ሰው ተሳስታ እንደሆነ ለማረጋገጥ ዓይንን፣ አፍንጫን፣ አገጭን እንደምትመለከት ሴት ነው ያየችው። ዳኛዋ "ተከሳሽ ክደው ተከራክረዋል" ብለው አስመዘገቡ። በውሉ ላይ የፈረሙት ምስክሮች እንዲሰሙም ሌላ ቀጠሮ ሰጡ።

ክደው። ዘሥላሴ ያን ቃል ዕድሜውን ሁሉ የሚያውቀው ነው። በቤተ ክርስቲያንም፣ በገበያም፣ በእድርም ሰምቶታል። ስለ እሱ ሲነገር ግን አንድም ቀን ሰምቶ አያውቅም። ከችሎት ሲወጣ ምስራቅ በሩ ላይ ቆማ ነበር። በለመደችው "ጋሼ፣ እንዴት ዋ…" ብላ ጀመረችና መሃል ላይ አፏን ያዘች። ፊቷን አዙራ ቁልቁል ወረደች። ሰድባው ቢሆን ይሻለው ነበር።

ከዚያ ቀን በኋላ ስፌት ቤቱ ጠበበው። ሰፈሩ ገና አላወቀም፤ አማረችም አላወቀችም፤ ግን ሰው ሁሉ ያወቀ እየመሰለው ከመኪናው ቀና ብሎ አያይም። በዚያው ሳምንት ሁለት ወንድማማቾች ከአባታቸው በቀረ የባሕር ዛፍ ተጣልተው እድሩ ጠራው። ሄደና ተቀመጠ። ታናሽየው "ወንድሜ በቁሜ ካደኝ" ብሎ ሲጀምር ዘሥላሴ ባርኔጣውን አነሳ። "ራሴን አሞኛል፤ ሌላ ሰው ይያዘው" ብሎ ወጣ። በሠላሳ ዓመት ሽምግልና መሃል ተነስቶ ሲሄድ ይህ የመጀመሪያው ነበር። ሽማግሌዎቹ "ደከመው፤ አረጀ" አሉ። አዘኑለትም። ማዘናቸውን ሲሰማ ይብስ ተሸማቀቀ።

ምስክሮቹ ከሚሰሙበት ቀን በፊት በነበረው እሑድ፣ ከቀትር በኋላ፣ የግቢው በር ተንኳኳ። ገብረመንፈስቅዱስ ነው። ከስፌቱ ከወጣ ቆይቷል፤ አንኮበር ተመልሶ ያባቱን መሬት ያርሳል። በቀትሩ መኪና ወጥቶ ከመናኸሪያው በቀጥታ ወደ ወዳጁ ቤት መምጣቱ ነበር። ለአማረች ቆሎ በከረጢት ይዞላታል። እሷም ደስ ብሏት ምሳ አቀረበች፤ ዘሥላሴም አብሮ ተቀመጠ።

እንግዳው ሁለት ጎርሶ ውሃ ጠጣና "እንግዲህ ንገረኝ" አለ። "ነገ ለምን እንደምትፈልጉኝ አልገባኝም። ያቺ የወለጋዋ ልጅ አንኮበር ድረስ ወርዳ ፍርድ ቤት የሚጠራኝን ወረቀት ሰጠችኝ።"

"የምን ፍርድ ቤት?" አለች አማረች።

"የቤቱ ነገር ነዋ። 'ጋሼ ክደውኛል' አለችኝ። ሳቅሁባት፣ እውነቴን ነው። ያየችው መከራ ራሷን አዙሮባታል አልኩ። እሺ እቀርባለሁ ብዬ ሸኘኋት። ምናልባት ለስም ማዛወሩ ምስክር ያስፈልግ ይሆናል ብዬ ነው የመጣሁት።"

ዘሥላሴ ከትሪው ላይ ዓይኑን አላነሳም። ገብረመንፈስቅዱስ ሊስቅ ጀምሮ ተወው።

"ዘሥላሴ" አለች አማረች።

"ጠበቃው እንዲህ ካልን…"

"ጠበቃውን አልጠየቅሁም። ሸጠሃል አልሸጥክም?"

"ሸጫለሁ።"

"ፍርድ ቤቱንስ ምን አልከው?"

እጁን ከትሪው ላይ ሰበሰበ፤ አማረችም ገባት። አማረች እጇን ታጠበች፤ ቀስ ብላ አደረቀች።

"ቤቱን ካልሸጥክ፣ ታዲያ እኔ በምን ዳንኩ?"

ድምጿን አላነሳችም። ዘሥላሴ በጠበቃው ቢሮ፣ በችሎቱ፣ ብቻውን በተቀመጠባቸው ሰዓታት ሁሉ ቤቱን ነበር የሚያስበው፤ አስፋልቱን፣ ካርታውን። የአማረች ሕይወት ከዚያው ወረቀት ጋር አብሮ የተካደ መሆኑ አንድም ጊዜ አልታየውም።

ገብረመንፈስቅዱስ ጋቢውን አስተካክሎ ተነሳ። "ዛሬ መናኸሪያው አጠገብ አልጋ እይዛለሁ" አለ። "ነገ የማውቀውን መናገሬ አይቀርም። ቤትህ አድሬ፣ እንጀራህን በልቼ ባላደርገው ይሻለኛል።"

"ምሳህን ጨርስ እንጂ" አለ ዘሥላሴ። ከሁለት ጉርሻ በላይ አልቀመሰም ነበር።

"በልቻለሁ" አለና ወጣ።

ሰኞ ገና ቢሮ ሲከፈት ዘሥላሴ ከጠበቃው በር ላይ ቆሞ ነበር። መልሴን መለወጥ እፈልጋለሁ አለው። ጠበቃው ወንበር እንዲስብ በእጁ አሳየው።

"መለወጥ ማለት ምን ማለት ነው? እያሸነፍን ነው እኮ። ምስክሮቿ የፈለጉትን ቢሉ በሕግ የሚያመጡት የለም።"

"እሱን አውቃለሁ። ሸጫለሁ ብዬ መጻፍ ነው የምፈልገው።"

"ይህን እኔ አልጽፍልዎትም። ትናንት አልሸጠም ብዬ ተከራክሬ፣ ዛሬ ሸጧል ብዬ አልቆምም። ውክልናዬን ያንሱና ሌላ ሰው ይፈልጉ።"

ዘሥላሴ አልተከራከረውም። ሰውየው ስሙን ይጠብቃል፤ ሊቀየመው አልቻለም።

ከፍርድ ቤቱ ፊት ለፊት ማመልከቻ የሚጻፍባቸው ትንንሽ የቆርቆሮ ክፍሎች ተደርድረዋል። በአንደኛው ውስጥ ሔራን የምትባል፣ ሕግ ተምራ ገና ሥራ ያላገኘች ልጅ በኮምፒውተር ትጽፋለች። ዘሥላሴ ገባና ታሪኩን ነገራት፤ ሲነግራት ከኋላዋ ያለውን የግድግዳ ካላንደር ነበር የሚያየው። እሷ የፊተኛውን መልስ ተቀብላ ሁለት ጊዜ አነበበችው።

"ይቻላል" አለችው። "ፍርድ እስካልተሰጠ ድረስ መልሴን ላሻሽል ይፈቀድልኝ ብለው ያመለክታሉ። ምክንያት ግን ያስፈልጋል። ብዙ ሰው 'በስህተት የተገለጸ ነገር ስላለ' ነው የሚለው። እንደዚያ ልበለው?"

"በይው።"

ስህተት የሚለው ቃል ለስላሳ ነበር። ማንም ሰው ይሳሳታል። ሔራን ጽፋ፣ አትማ፣ ወረቀቱን ትኩስ እንደሆነ ሰጠችው። አነበበው። በፊት እንደፈረመበት ያለ መስመር አሁንም ከግርጌው አለ፤ በእውነት የቀረበ መሆኑን አረጋግጣለሁ ይላል። እስክሪብቶውን አንስቶ መልሶ አስቀመጠው።

"ልጄ፣ ይህ ስህተት አልነበረም።"

"ታዲያ ምን ልበል?"

"ዋሽቼ ነው በይ።"

ሔራን እጇን ከኮምፒውተሩ ላይ አነሳች። "ጋሼ፣ እንዲህ ተብሎ አይጻፍም። ደግሞ ሊያስጠይቅዎት ይችላል። የመጀመሪያውንም በእውነት ነው ብለው ፈርመውበታል።"

"አውቃለሁ።"

"'ከእውነት ውጭ የቀረበ' ልበለው?"

"በይው። ከፊቱ 'እያወቅሁ' የሚል ጨምሪበት።"

ሔራን ጨመረችው። ከአዲሱ መልስ ጋር አያይዛ ሦስት ቅጂ አተመች። ዘሥላሴ በሦስቱም ላይ አንድ በአንድ ፈረመ።

መዝገብ ቤቱ ማመልከቻውን ተቀብሎ ወደ ችሎት ላከው። ተራው እስኪደርስ በረንዳው ላይ ሲጠብቅ ብሩክ ደወለ። ጠበቃው ነግሮታል።

"አባዬ፣ ለማን ብለህ ነው? ያቺ ሴትዮ ምንህ ናት?"

"ምኔም አይደለችም። የገዛች ሴት ናት።"

"እኔስ?"

ልጁ መልሱን ሳይጠብቅ ስልኩን ዘጋው።

ችሎቱ ሞልቶ ነበር። ከኋላ አግዳሚ ወንበር ላይ ሁለት የእድሩ ሰዎች ለራሳቸው ጉዳይ መጥተው ተቀምጠዋል። ምስራቅ ከፊት ናት። ገብረመንፈስቅዱስ ከሌላኛው ምስክር ጋር ውጭ ቆሟል፤ ሦስተኛው ምስክር ዓምና ሞቷል። ዳኛዋ መዝገቡን ገልጠው አዩና መነጽራቸውን አስተካከሉ።

"ተከሳሽ የመከላከያ መልሳቸውን ለማሻሻል እንዲፈቀድላቸው አመልክተዋል። ከሳሽ፣ መልሳቸውን ቢያሻሽሉ ተቃውሞ አለዎት?"

"አለኝ" አለች ምስራቅ። "እቃወማለሁ።"

"ምክንያትዎ?"

"በፊተኛው መልሳቸው ተከራይ አደረጉኝ። ዳግመኛ ከተፈቀደላቸው ሌባ ያደርጉኛል።"

ከኋላ አንድ ሰው ሳቀና ዝም አለ። ዘሥላሴ መሬት መሬቱን አየ። ይህን አላሰበም ነበር። እውነቱን ይዞ ሲመጣ በሩን የምትዘጋበት ምስራቅ ትሆናለች ብሎ እንዴት ያስብ? ግን ምኗ ያስደንቃል? ከእሱ አፍ የሚወጣ ነገር ሁሉ ከእንግዲህ ለእሷ አዲስ ውሸት ነው።

ዳኛዋ ወደ እሱ ዞሩ። "የሚያሻሽሉት ምኑን ነው? በቃልዎ ያስረዱ።"

ዘሥላሴ ተነሳ። ባርኔጣውን በሁለት እጁ ይዞ ነበር።

"ቤቱን ሸጬላታለሁ። ውሉን የፈረምኩት እኔ ነኝ። ዋጋውን ጨርሳ ከፍላኛለች። አንድም ቀን ተከራይታኝ አታውቅም።"

"በፊተኛው መልስዎ ግን ክደዋል። የተሳሳተ ነገር ተነግሮዎት ነው?"

የማምለጫው በር እንደገና ገርበብ ብሎ ተከፈተለት። ጠበቃው ነው ቢል፣ ልጄ ነው ቢል ይበቃል። ከኋላው ያሉት የእድር ሰዎች ትንፋሻቸው ሳይቀር የሚሰማው መሰለው።

"አይደለም። ያልኩትን አውቄ ነው ያልኩት።"

"ለምን?"

"መንገድ ወጣ። ቤቱ ዋጋ አወጣ።"

"ሌላ ምክንያት አለዎት?"

"ሌላ የለኝም።"

ዳኛዋ ጸሐፊዋ መጻፏን ጨርሳ ቀና እስክትል ጠበቁ። ከዚያ ምስራቅን "ሰምተዋል። አሁንስ ይቃወማሉ?" አሏት።

ምስራቅ ዘሥላሴን አላየችውም። "የተናገሩት ከተጻፈ፣ ጽሑፉ ይሰጠኝና ለሚያነብልኝ ሰው ላሳየው" አለች።

ዳኛዋ ቅጂው እንዲሰጣትና ጉዳዩ ከሰዓት እንዲቀጥል አዘዙ። ምስራቅ ወረቀቱን ይዛ ወጣች። ዘሥላሴ ከሰዓት እስኪሆን በረንዳው ላይ ተቀመጠ፤ ሰው በፊቱ ያልፋል፤ አንዳንዱ ያውቀዋል፤ ሰላም የሚለውም የማይለውም አለ። ገብረመንፈስቅዱስ ከአጥሩ ጥግ ቆሞ አየው። አልመጣም፤ አልሄደምም።

ከሰዓት ምስራቅ ተመልሳ "አልቃወምም" አለች። ምክንያቱን ማንም አልጠየቃትም፤ እሷም አልጨመረችም። ዳኛዋ ማሻሻያውን ፈቀዱ። ተከሳሽ ሽያጩን ስላመኑ ምስክሮች መስማት አያስፈልግም አሉ። ከሳሽ በፊተኛው መልስ የተነሳ የተመላለሱበትን ኪሳራ ተከሳሽ እንዲተኩም አዘዙ። ዘሥላሴን ደግሞ ለብቻው "በእውነት አረጋግጣለሁ ብሎ መፈረም ቀልድ አይደለም፤ ከዚህ በኋላ ይህ እንዳይደገም" አሉት። ስልሳ ሦስት ዓመቱ ነው። እንደ ተማሪ ቆሞ "እሺ" አለ። ፍርዱ በሌላ ቀን ተነበበ፤ ቤቱ የምስራቅ ነው፤ ስሙ ይዛወርላት።

ከሕጉ የባሰው ሰፈሩ ነው። በወሩ መጨረሻ እድሩ ሲሰበሰብ ዘሥላሴ ተነስቶ ያደረገውን በራሱ አፍ ተናገረ፤ ዳኝነቱንም አስረከበ። በልቡ አንድ ሰው ተነስቶ "ተው፣ ይቅር" እንዲለው ጠብቆ ኖሯል። ማንም አልተነሳም። ጸሐፊው "እግዜር ይስጥልን፤ እስከዛሬ ስላገለገሉን" አለና ወደሚቀጥለው ጉዳይ አለፈ። ከዚያ ወዲህ ሽምግልና የሚጠራው የለም። ስፌት ግን አልተቋረጠም። ደንበኞቹ ይመጣሉ፣ ይለካሉ፣ ይሄዳሉ፤ ቀብድ ሲሰጡት ብቻ አንዳንዶቹ "ትንሽ ወረቀት ብትጽፍልኝ" ይላሉ። ያን ወረቀት በጻፈ ቁጥር ጆሮው ድረስ ይቀላል። ይጽፋል። ብሩክ አዲስ አበባ ሄዶ ለእናቱ ይደውላል፤ ለእሱ አይደውልም።

ስሙ የተዛወረው ኅዳር ውስጥ ነው። ሁለቱም በማዘጋጃ ቤቱ አንድ አግዳሚ ወንበር ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው ተራ ጠበቁ፤ ወረፋው ረጅም ነበር፤ ብርዱም አጥንት ይሰብራል። ዘሥላሴ ሊላት ያሰበውን ነገር ከሳምንት ጀምሮ ሲያዘጋጅ ከርሟል። የአማረችን ሕመም፣ የልጁን ግፊት፣ የጠበቃውን ምክር፣ ሁሉንም በየተራው ሰድሮታል። አጠገቧ ሲቀመጥ ግን የተሰደረው ሁሉ ሰበብ ሆኖ ታየው።

"ምስራቅ፣ በድዬሻለሁ" አላት።

"አዎ" አለችው።

ቆየና "ይቅር በይኝ" አለ።

ከጭኗ ላይ ያለውን የወረቀት አቃፊ አስተካከለች። "ክፉ እንዲያገኝዎ አልፈልግም" አለች። "ይቅርታው ግን ገና አልመጣልኝም። ሲመጣልኝ እነግርዎታለሁ። ሳይመጣልኝ መጣ ልልዎ አልችልም።"

"እንዲያ ማለት አይገባሽም" አለ። እውነቱን ነበር።

ተራቸው ደርሶ ፈረሙ። ሠራተኛዋ ካርታውን ለምስራቅ ሰጠቻት። ምስራቅ ስሟን ፊደል በፊደል በጣቷ እየተከተለች አነበበችው፤ ከዚያ አቃፊው ውስጥ ከትታ ወደ ፋብሪካው ፈረቃ ለመድረስ ቸኩላ ወጣች። ዘሥላሴ ባጃጅ ሳይዝ በእግሩ ወደ ቤት ሄደ።

አማረች ግቢው ውስጥ የታጠበ ልብስ ታሰጣ ነበር።

"አለቀ?"

"አለቀ።"

"ምን አለችህ?"

የተባባሉትን አንድም ሳያስቀር፣ አንድም ሳይጨምር ነገራት። አማረች እርጥቡን አንሶላ በአንድ ጫፍ ይዛ እስከ መጨረሻው ሰማችው።

"ደግ ብላለች" አለች። "ና፣ ያንን ጫፍ ያዝልኝ።"

ያዘላት። አንሶላውን ግራና ቀኝ ሆነው ጠመዘዙት፤ ውሃው ወረደ፤ አብረው ገመዱ ላይ ዘረጉት።